የእኩል ፖቴንሺያል መስመሮችንና ገጾችን መሳል፣ መለካትና ማንበብ

ስለ ኤሌክትሪክ መስክ የሚማር ተማሪ ከአዎንታዊ ቻርጅ ወጥተው ወደ አሉታዊ ቻርጅ የሚገቡትን ቀስቶች መሳል ቶሎ ይለምዳል። ቀስቶቹን እያቋረጡ የሚያልፉትን፣ እኩል ፖቴንሺያል ያላቸውን ነጥቦች የሚያገናኙትን የእኩል ፖቴንሺያል መስመሮች ግን አብዛኛውን ጊዜ ለፈተና ይሸመድዳቸዋል እንጂ ለሥራ አይገለገልባቸውም። ይህ ትልቅ ጉድለት ነው፤ ምክንያቱም ቀስቶቹን በቀጥታ የሚለካ መሣሪያ በአንድ ተራ የትምህርት ቤት ቤተ ሙከራ ውስጥ አይገኝም፣ መስመሮቹን ግን መልቲሜትር (ቮልት የሚለካ የእጅ መሣሪያ) የያዘ ማንኛውም ሰው ለክቶ ሊያገኛቸው፣ ከእነርሱም ተነሥቶ ቀስቶቹን ራሱ ሊስላቸው ይችላል። ይህን መመሪያ የጻፍሁት በደብረ ማርቆስ፣ በሞጣ፣ በፍኖተ ሰላም፣ በእንጅባራና በአካባቢው ላሉ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎችና የፊዚክስ መምህራን ሲሆን፣ ከመነሻው አንድ ነገር እንዲያዝልኝ እፈልጋለሁ፦ በመስመሩ ላይ ከተጻፈው ቁጥር ይልቅ በአንዱ መስመርና በሚቀጥለው መካከል ያለው ርቀት ስለ መስኩ የበለጠ ይናገራል።

የመነሻ ሐሳቦች

ፖቴንሺያል ማለት አንድ ኩሎምብ (የቻርጅ መለኪያ) አዎንታዊ ቻርጅን ከተመረጠ መነሻ ቦታ አንሥቶ ወደ አንድ ነጥብ ለማድረስ የሚያስፈልገው ሥራ ነው። ይህ ሥራ አንድ ጁል ከሆነ የነጥቡ ፖቴንሺያል 1 ቮልት ይባላል። መነሻውን የምንመርጠው እኛ ነን፤ በስሌት ጊዜ ከቻርጁ እጅግ የራቀን ቦታ፣ በተግባር ልኬት ጊዜ ደግሞ መሬትን ወይም የባትሪውን አሉታዊ ጫፍ ዜሮ እንለዋለን። መነሻው ሲቀየር የነጥቦቹ ሁሉ ቁጥር አብሮ ይጨምራል ወይም ይቀንሳል፣ በሁለት ነጥቦች መካከል ያለው ልዩነት ግን አይነካም።

በጮቄ ተራራ ተዳፋት ላይ እርከን ሲቀየስ ያየ ሰው የዚህን ትምህርት ግማሽ ያውቀዋል። ቀያሾቹ በሁለት እንጨቶች መካከል ገመድ ወጥረው፣ በገመዱ ላይ ውሃ ልክ ሰቅለው፣ እኩል ከፍታ ያላቸውን ነጥቦች እየፈለጉ ምልክት ያደርጋሉ፤ ምልክቶቹ ሲገናኙ ኮረብታውን እየዞረ የሚሄድ መስመር ይወጣል። በዚያ መስመር ላይ የሚራመድ ሰው ሽቅብም ቁልቁልም አይሄድም፤ የዝናብ ውሃ ደግሞ ወደ ታች የሚወርደው መስመሩን በቀጥታ አቋርጦ ነው። ዳገቱ ሲበረታ እርከኖቹ ይቀራረባሉ፣ ሲለዝብ ይራራቃሉ። ከፍታን በፖቴንሺያል፣ የእርከኑን መስመር በእኩል ፖቴንሺያል መስመር፣ የውሃውን አወራረድ በኤሌክትሪክ መስክ አቅጣጫ፣ የዳገቱን ብርታት በመስኩ ጥንካሬ ይተኩ፤ ከዚህ በታች የሚመጡት ሕጎች ሁሉ ትርጉም ይኖራቸዋል።

ንጽጽሩ ግን በሁለት ቦታ ይቋረጣል፤ ይህን አለመናገር ተማሪን ማሳሳት ይሆናል። አንደኛ፣ ቁልቁል የሚወርደው አዎንታዊ ቻርጅ ብቻ ነው፤ ኤሌክትሮን አሉታዊ ስለሆነ ዝቅተኛ ፖቴንሺያል ካለበት ወደ ከፍተኛው ይሄዳል። ሁለተኛ፣ ኤሌክትሪክ መስክ የሚሞላው ዙሪያውን ያለውን ቦታ ሁሉ፣ ላዩንም ታቹንም ነው። ስለዚህ እኩል ፖቴንሺያል ያላቸው ነጥቦች ሲገናኙ በእውነቱ የሚሠሩት መስመር ሳይሆን ገጽ ነው። በወረቀት ላይ የምንስለው መስመር ያ ገጽ በወረቀቱ ሲቆረጥ የሚታየው ጠርዝ ነው። አንድ ነጥብ ላይ የተቀመጠ ቻርጅ ገጾቹ እርስ በርስ የተከታተቱ ሉሎች ናቸው፤ በወረቀት ላይ ክቦች ሆነው ይታያሉ።

መስመሮቹ የሚታዘዙለት ሕግ አንድ ነው፤ የቀሩት ከእርሱ ይወለዳሉ። በአንድ እኩል ፖቴንሺያል ገጽ ላይ ቻርጅን ከቦታ ቦታ ማንቀሳቀስ ምንም ሥራ አይጠይቅም። መስኩ በገጹ አቅጣጫ ጥቂት እንኳ የሚያዘነብል ቢሆን ኖሮ በገጹ ላይ የሚሄደውን ቻርጅ ይገፋው ወይም ይይዘው ነበርና ሥራ ይኖር ነበር፤ ሥራ ካለ ደግሞ ፖቴንሺያሉ እኩል አይሆንም። ስለዚህ የመስክ መስመርና የእኩል ፖቴንሺያል መስመር ሁልጊዜ በ90 ዲግሪ ይቋረጣሉ። ቀስቱ ምንጊዜም ከከፍተኛው ቁጥር ወደ ዝቅተኛው ያመለክታል። ጥንካሬው ደግሞ የሁለት መስመሮች ቮልት ልዩነት በመካከላቸው ላለው ቀጤ ነክ ርቀት ሲካፈል ይገኛል፤ መለኪያውም ቮልት በሜትር ነው። የተለያየ ቁጥር ያላቸው ሁለት መስመሮች ሊቋረጡ አይችሉም፣ አንድ ነጥብ በአንድ ጊዜ ሁለት ፖቴንሺያል ሊኖረው አይችልምና።

በስሌት መሳል

በአንድ ቻርጅ ይጀምሩ። የአንድ ነጥብ ቻርጅ ፖቴንሺያል የሚገኘው 9 × 10⁹ የሚባለው ቋሚ ቁጥር በቻርጁ መጠን ተባዝቶ ለርቀቱ ሲካፈል ነው። ቻርጁ 2 ናኖኩሎምብ (የኩሎምብ ሁለት ቢሊዮንኛ) ቢሆን ስሌቱ በጣም ይቀላል፦ ፖቴንሺያሉ 18 ለርቀቱ ሲካፈል የሚገኘው ቮልት ነው። በ3 ቮልት ልዩነት መስመር ለመሳል የሚያስፈልጉት ርቀቶች እነዚህ ናቸው፦ ለ18 ቮልት 1 ሜትር፣ ለ15 ቮልት 1.2 ሜትር፣ ለ12 ቮልት 1.5 ሜትር፣ ለ9 ቮልት 2 ሜትር፣ ለ6 ቮልት 3 ሜትር፣ ለ3 ቮልት 6 ሜትር። አንድ ሜትርን በአንድ ሴንቲሜትር ወክለው በኮምፓስ ስድስቱን ክቦች ይሳሉ። የቮልቱ ልዩነት በሁሉም ዘንድ እኩል 3 ሆኖ ሳለ፣ በውስጠኞቹ ሁለት ክቦች መካከል ያለው እውነተኛ ርቀት 20 ሴንቲሜትር፣ በውጨኞቹ መካከል ግን 3 ሜትር ነው።

አሁን መስኩን ከሥዕሉ ያንብቡ። በ15 እና በ12 ቮልት ክቦች መካከል 3 ቮልት ለ0.3 ሜትር ሲካፈል በሜትር 10 ቮልት ይሆናል። በ6 እና በ3 መካከል ግን 3 ቮልት ለ3 ሜትር ሲካፈል በሜትር 1 ቮልት ብቻ ነው። የነጥብ ቻርጅ መስክ በርቀቱ ካሬ ልክ እንደሚቀንስ ከሚናገረው ቀመር ጋር ያመሳክሩት፤ በሁለት ክቦች መካከል የሚገኘው ቁጥር አማካይ መሆኑን፣ ክቦቹ በተራራቁ መጠንም አማካዩ በመካከል ካሉት ከአብዛኞቹ ነጥቦች እውነተኛ ዋጋ እየራቀ እንደሚሄድ ያገኛሉ። መስመሮቹን በእኩል ርቀት እየሳሉ ቁጥሩን ማለዋወጥ በተማሪዎች ደብተር ላይ ብዙ ጊዜ ይታያል፤ እንዲህ ያለው ሥዕል ስለ መስኩ የሚናገረው ስለሌለ ቢቀር ይሻላል።

በሁለት ትይዩ ብረት ሰሌዳዎች መካከል ያለው ጉዳይ አጭር ነው። ሰሌዳዎቹ በ6 ሴንቲሜትር ተራርቀው በ12 ቮልት ባትሪ ቢገናኙ፣ ከጠርዝ ራቅ ባለው መካከለኛ ክፍል መስመሮቹ በየሴንቲሜትሩ 2 ቮልት እየቀነሱ ለሰሌዳዎቹ ትይዩ ሆነው ይደረደራሉ፤ መስኩም በሁሉም ቦታ በሜትር 200 ቮልት ነው። መስመሮቹ እኩል የሚራራቁት እዚህ፣ መስኩ ወጥ በሆነበት ቦታ ነው።

በሁለት ቻርጆች ጉዳይ ላይ ግን ጊዜ መስጠት ይገባል፤ አብዛኛው ስሕተት የሚበቅለው እዚህ ነው። ሁለት ቻርጆችን፣ እያንዳንዳቸው 2 ናኖኩሎምብ፣ በ2 ሜትር ርቀት ያስቀምጡ። ፖቴንሺያል አቅጣጫ የሌለው ቁጥር ስለሆነ በአንድ ነጥብ ላይ የሁለቱን ድርሻ መደመር ብቻ ይበቃል፤ መስክ ግን አቅጣጫ ስላለው እንደ ቬክተር ይደመራል። ሁለቱም አዎንታዊ ቢሆኑ በመካከለኛው ነጥብ ፖቴንሺያሉ 18 ሲደመር 18፣ ማለትም 36 ቮልት ነው፤ መስኮቹ ግን አንዱ ወደ ቀኝ ሌላው ወደ ግራ ስለሚገፉ ተጣፍተው ዜሮ ይሆናሉ። አንደኛውን አሉታዊ ያድርጉት፦ አሁን ፖቴንሺያሉ 18 ሲቀነስ 18፣ ማለትም ዜሮ ነው፤ ሁለቱም መስኮች ግን ወደ አንድ አቅጣጫ ስለሚያመለክቱ ተደምረው በሜትር 36 ቮልት ይሆናሉ።

ይህን ጥንድ ስሌት እያንዳንዱ ተማሪ በገዛ እጁ እንዲሠራው አጥብቄ እመክራለሁ። በመጀመሪያው ከፍተኛ ፖቴንሺያል አለ፣ መስክ ግን የለም፤ በሁለተኛው ፖቴንሺያሉ ዜሮ ነው፣ መስኩ ግን ብርቱ ነው። የቁጥሩ ትልቅነት ስለ መስኩ ምንም አይነግርም፤ የሚነግረው ከነጥቡ ፈቀቅ ሲሉ ቁጥሩ በምን ፍጥነት እንደሚለዋወጥ ነው።

ሥዕሉን ለመጨረስ፣ ለተቃራኒ ቻርጆች መጀመሪያ በመካከላቸው ቀጥ ብሎ የሚያልፈውን የዜሮ መስመር ይሳሉ፤ በየቻርጁ ዙሪያ ያሉት መስመሮች ወደ መካከል በሚያዩበት ጎን ተጠጋግተው፣ በውጭው ጎን ተራርቀው ይዘጋሉ። ለሁለት እኩል አዎንታዊ ቻርጆች ደግሞ በቅርብ ያሉት መስመሮች እያንዳንዱን ቻርጅ ለብቻው ይከባሉ፣ በሩቅ ያሉት ሁለቱንም በአንድ ላይ ይከባሉ። በእነዚህ መካከል የ36 ቮልት መስመር የ8 ቁጥርን ቅርጽ ይዞ በመካከለኛው ነጥብ ላይ ራሱን ያቋርጣል። ይህ ከላይ የተሰጠውን ሕግ አይጥስም፤ የተቋረጡት አንድ ቁጥር ያለው መስመር ሁለት ክንዶች ናቸው፣ ይህም የሚሆነው መስኩ ዜሮ በሆነበት ነጥብ ላይ ብቻ ነው።

በውሃ ትሪ መለካት

የሚያስፈልገው ጠፍጣፋ የፕላስቲክ ወይም የመስታወት ትሪ፣ የቧንቧ ውሃ፣ ራሳቸውን ችለው የሚቆሙ ሁለት የብረት ብሎኖች፣ በተከታታይ የተገናኙ አራት ባለ 1.5 ቮልት የባትሪ ድንጋዮች፣ ዲጂታል መልቲሜትርና ሁለት ባለ ካሬ ወረቀቶች ናቸው። የግድግዳውን 220 ቮልት በምንም ምክንያት ከዚህ ሙከራ ጋር አያገናኙ፤ ውሃና የሰው እጅ ባለበት ቦታ ሕይወት ያጠፋል።

ትሪው በስር ያለውን የሚያሳይ ከሆነ አንደኛውን ወረቀት ከሥሩ ያንጥፉ፤ ካልሆነ ካሬዎቹን በማይለቅ ቀለም ትሪው ላይ ይሳሉ። ጥልቀቱ 1 ሴንቲሜትር ያህል የሆነ ውሃ ይጨምሩና ትሪው በየትኛውም ጎን እንዳላዘነበለ ያረጋግጡ፤ ውሃው በአንድ ወገን ከጠለቀ መስመሮቹ ይጣመማሉ። ጨው መጨመር አያስፈልግም፤ የቧንቧ ውሃ በቂ አስተላላፊ ነው፣ ጨው ሲበዛ ደግሞ ባትሪው ቶሎ ይደክማል። ብሎኖቹን በ20 ሴንቲሜትር ርቀት አቁመው ከባትሪው ሁለት ጫፎች ጋር ያገናኙ። መልቲሜትሩን በቀጥተኛ ቮልቴጅ በኩል በ20 ቮልት እርከን ላይ ያድርጉት፤ ጥቁሩን ሽቦ ከአሉታዊው ብሎን ጋር አስረው ይተዉት፣ የቀዩን ጫፍ ቀጥ አድርገው በውሃው ውስጥ ያንቀሳቅሱ።

መጀመሪያ በሁለቱ ብሎኖች መካከል 3 ቮልት አካባቢ የሚያነብበትን ነጥብ ፈልገው በሁለተኛው ወረቀት ላይ በዚያው ካሬ ምልክት ያድርጉ። ከዚያ 2 ሴንቲሜትር ያህል ወደ ጎን ሄደው ያንኑ ቁጥር እንደገና ይፈልጉ፤ እስከ ትሪው ጠርዝ በሁለቱም አቅጣጫ እንዲሁ ይቀጥሉ። ነጥቦቹን በማስመሪያ ሳይሆን በእጅ፣ ስለታም ማዕዘን በሌለው መስመር ያገናኙ። ከዚህ በኋላ ለ2፣ ለ4፣ ከዚያም በ0.5 ልዩነት ለቀሩት ይድገሙት። ከእያንዳንዱ ልኬት በኋላ ባትሪውን መፍታት ይጠቅማል፤ የኤሌክትሪኩ ጅረት ሲቆይ በብሎኖቹ ላይ የጋዝ አረፋ ይሰበሰብና ንባቡ ይዋዥቃል። በብሎኑ አጠገብ ያለው ውሃ ከሚጠበቀው 6 ቮልት ያነሰ ቢያነብም አይደንግጡ፤ ብረቱና ውሃው በሚነካኩበት ቦታ ላይ ባለው ኬሚካላዊ ለውጥ ጥቂት ቮልት ይጠፋል።

የትሪው ሥዕል ከስሌቱ ሥዕል ጋር ሙሉ በሙሉ እንደማይገጥም አስቀድሞ ማወቅ ያስፈልጋል። ውሃው ስስ ስለሆነ ጅረቱ ወደ ላይና ወደ ታች ሊበተን አይችልም፤ ስለዚህ የሚለካው የሁለት ነጥብ ቻርጆች ሳይሆን የሁለት ረጃጅም ትይዩ ዘንጎች መስክ ነው። በተጨማሪም ጅረቱ የትሪውን ግድግዳ ሰብሮ መውጣት ስለማይችል ግድግዳውን ታክኮ ይሄዳል፣ መስመሮቹም ግድግዳውን በ90 ዲግሪ ይነኩታል። ይህን ያየ ተማሪ ሙከራው ተበላሸ ብሎ መስመሩን እንዳያስተካክል መምህሩ ሊጠብቀው ይገባል፤ የተለካውን መሳል ነው የሚፈለገው።

ሁለት ተጨማሪ ሥራዎች አሉ፤ ጊዜ ቢያጥር እንኳ ባይዘለሉ እወዳለሁ። የመጀመሪያው፣ ከጣሳ የተቆረጠ የብረት ቀለበት በትሪው መካከል ማስቀመጥ ነው። በቀለበቱ ውስጥ በየትም ቦታ ቢለኩ ንባቡ አንድ ዓይነት ይሆናል፤ በውጭ ያሉት መስመሮችም ቀለበቱን እየዞሩ ይታጠፋሉ። አስተላላፊ ነገር በውስጡ ያሉት ቻርጆች ሲረጉ መላው አካሉ አንድ ፖቴንሺያል ይይዛል፣ መስኩም ከገጹ ላይ በ90 ዲግሪ ይነሣል። ማይክል ፋራዴይ በ1836 በብረት በተሸፈነ ክፍል ውስጥ ያሳየው ይህንኑ ነው፤ በመብረቅ ጊዜ ሙሉ የብረት አካል ያለው አውቶቡስ ወይም መኪና ውስጥ ሆኖ መስኮት ዘግቶ መቆየት የሚመከረውም በዚሁ ምክንያት ነው።

ሁለተኛው ሥራ፣ ጥቁሩን ሽቦ ከብሎኑ ፈትቶ ሁለቱንም የመልቲሜትር ጫፎች በ1 ሴንቲሜትር ልዩነት ጎን ለጎን ማሰርና ጥንዱን በውሃው ውስጥ በአንድ ቦታ ማዞር ነው። ሁለቱ ጫፎች በእኩል ፖቴንሺያል መስመር ላይ ሲያርፉ ንባቡ ዜሮ ይሆናል፤ ከዚያ 90 ዲግሪ ሲዞሩ ትልቁን ዋጋ ይሰጣል። ያ አቅጣጫ የመስኩ አቅጣጫ ነው። ንባቡ ለምሳሌ 0.25 ቮልት ቢሆን ለ0.01 ሜትር ሲካፈል የመስኩ ጥንካሬ በሜትር 25 ቮልት ነው ማለት ነው።

መሬት ላይ ያሉት ክቦች

በጥንዱ ጫፍ ፋንታ የሰው ሁለት እግሮች ወይም የላም የፊትና የኋላ እግሮች ቢሆኑ ልኬቱ የሞትና የሕይወት ጉዳይ ይሆናል። መብረቅ አንድ ዛፍ ሲመታ ጅረቱ በግንዱ ወርዶ በአፈሩ ውስጥ በየአቅጣጫው ይበተናል፤ አፈሩ ወጥ ነው ብለን ብንወስድ በመሬት ላይ የሚፈጠሩት የእኩል ፖቴንሺያል መስመሮች ዛፉን የሚከቡ ክቦች ናቸው። የአንድ ነጥብ ፖቴንሺያል የአፈሩ ሬዚስቲቪቲ (ጅረትን የመቋቋም ባሕርይው) በጅረቱ ተባዝቶ፣ ከዚያም ለሁለት ፓይ ጊዜ ርቀት ሲካፈል ይገኛል። ለመብረቅ የተለመደ ከሆነው 30,000 አምፒር፣ ለእርጥብ አፈርም 100 ኦም ሜትር ብንወስድ፣ ከዛፉ በ10 ሜትር ላይ ፖቴንሺያሉ ወደ 47,700 ቮልት፣ በ11.5 ሜትር ላይ ወደ 41,500 ቮልት ነው። ፊቷን ወደ ዛፉ አዙራ በቆመች፣ በፊትና በኋላ እግሮቿ መካከል 1.5 ሜትር ባላት ላም ላይ ወደ 6,200 ቮልት ያርፋል፤ ጅረቱም በደረቷ በኩል ያልፋል። በዚያው 10 ሜትር ላይ በእግሮቹ መካከል 30 ሴንቲሜትር ብቻ ከፍቶ የቆመ ሰው ላይ የሚያርፈው ወደ 1,400 ቮልት ሲሆን መንገዱ ከእግር ወደ እግር ነው። በክረምት ነጎድጓድ ከዛፍ ሥር የተጠለሉ ከብቶች በአንድ ጊዜ ሲያልቁ እረኛው አንዳንዴ የሚተርፈው በዚህ ልዩነት ነው። ላሟ በ50 ሜትር ላይ ብትሆን ልዩነቱ ወደ 280 ቮልት ይወርድ ነበር፤ በክቡ መስመር ላይ ጎኗን ለዛፉ ሰጥታ ብትቆም ደግሞ እጅግ ባነሰ ነበር።

እግርን ገጥሞ መቆም ይህን አንዱን አደጋ ይቀንሳል እንጂ ከቀጥተኛ ምትና ከዛፉ ወደ ጎን ከሚዘልለው ብልጭታ አያድንም። ስለዚህ ነጎድጓድ ሲሰማ ከብቶችን ከብቸኛ ዛፍና ከሽቦ አጥር ማራቅ፣ ሰውም ወደ ጠንካራ ሕንፃ ወይም ወደ መኪና መግባት ይቀድማል።

ወፍ በአንድ የኤሌክትሪክ ሽቦ ላይ ቆማ የማይነካት ሁለቱ እግሮቿ በተቀራረበ ፖቴንሺያል ላይ ስላሉ ነው። በአገራችን በየመንደሩ የሚያልፉት የ15,000 እና የ33,000 ቮልት መስመሮች በነፋስ ተበጥሰው እርጥብ መሬት ላይ ሲወድቁ ግን ሽቦው የነካው ነጥብ ልክ እንደ ዛፉ የክቦች ማዕከል ይሆናል፤ ክቦቹም ለዓይን አይታዩም። በአጠገቡ ያለ ሰው ሽቦውን ባይነካ እንኳ በረዥሙ ከተራመደ ሁለት እግሮቹ በተራራቁ ክቦች ላይ ያርፋሉ። ስለዚህ አይሩጡ፤ ሁለቱን እግሮች አጠጋግተው፣ ከመሬት ሳያነሡ፣ አንዱ ከሌላው ሳያልፍ እየጎተቱ ቢያንስ 10 ሜትር ይራቁ፤ ሌላ ሰውና ከብት እንዳይቀርብ ከሩቅ ሆነው እየከለከሉ ለመብራት ኃይል ያሳውቁ። የወደቀ ሰው ለማንሣት ወደ ውስጥ የሚገባ ሰውም ክቦቹን አንድ በአንድ እየተሻገረ ነው የሚሄደው፤ መስመሩ መቋረጡ በባለሙያ ሳይረጋገጥ አይግቡ።